ጥሩ ፊልም ኖይር በምን ይታወቃል? የ«ደብል ኢንደምኒቲ» ምዘና

ፊልም ኖይር እየተባሉ የሚጠሩትን የ1940ዎቹንና የ1950ዎቹን የአሜሪካ ፊልሞች ለመመዘን የሚነሣ ተመልካች ዓይኑን አስቀድሞ የሚጥለው በግድግዳ ላይ በሚረዝመው ጥላ፣ በዝናብ በራሰው አስፋልት፣ ባርኔጣውን ወደ ግንባሩ ባዘነበለው ወንድና ሲጋራዋን ይዛ በር ላይ በቆመችው ሴት ላይ ነው። እነዚህ የዘውጉ መታወቂያዎች መሆናቸው ባይካድም፣ ማንኛውም የፊልም ኩባንያ በጥቂት ገንዘብ ሊያሟላቸው የሚችላቸው በመሆናቸው መናኛውን ሥራ ከታላቁ ለመለየት አይበቁም። የሁለቱ ልዩነት ጎልቶ የሚወጣው ፊልሙ ከተመልካቹ ዓይን ምን እንደሰወረ፣ የሰወረውንም በምን እንደተካው ሲመረመር ነው። ይህን ሐሳብ ለመፈተን እዚህ የተመረጠው ቢሊ ዋይልደር ለፓራማውንት ኩባንያ ያዘጋጀውና በ1944 ለእይታ የበቃው «ደብል ኢንደምኒቲ» ነው፤ በጽሑፉ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

«ኖይር» በፈረንሳይኛ «ጥቁር» ማለት ሲሆን፣ ስያሜው ለእነዚህ ፊልሞች የተሰጠው በፓሪስ ይጽፍ የነበረው ሐያሲ ኒኖ ፍራንክ በ1946 ባወጣው ጽሑፍ ነው። ፈረንሳይ በጀርመን በተያዘችባቸው ዓመታት የአሜሪካ ፊልም ወደ አገሪቱ አይገባም ነበርና፣ ጦርነቱ ካበቃ በኋላ «የማልታው ጭልፊት»፣ «ሎራ»ና «ደብል ኢንደምኒቲ» በፓሪስ ሲኒማ ቤቶች ተከታትለው ሲታዩ፣ በተለያየ ዓመት የተሠሩት ሥራዎች ጎን ለጎን ስለቀረቡ የጋራ መልካቸው ለፈረንሳይ ሐያስያን ጎልቶ ታያቸው። ሠሪዎቹ ግን በዚያን ጊዜ ፊልም ኖይር እንሠራለን ብለው አያውቁም፤ በእነርሱ ዘንድ ሥራው የወንጀል ድራማ ነበር። ይህ ለመዛኙ ቁም ነገር ነው፤ የዘውጉ ደንብ ገና ባልተጻፈበት ዘመን የሠራ ባለሙያ እያንዳንዱን ጥላ ለታሪኩ ሲል ማስገባት ነበረበት፣ ከእርሱ በኋላ የመጣው ግን ጥላውን የዘውጉ ልማድ ስለሆነ ብቻ ሊያስገባው ይችላል።

የመልኩ አንድ ምንጭ ኤክስፕሬሽኒዝም ነው፤ ይህም የገጸ ባሕርይን የውስጥ ጭንቀት በተዛባ ቅርጽና በብርሃንና በጥላ ፍጥጫ ወደ ውጭ አውጥቶ የሚያሳይ፣ በ1920ዎቹ በጀርመን ፊልም የጎለበተ የሥነ ጥበብ ፈለግ ነው። ዋይልደር ያኔ በኦስትሮ ሀንጋሪ ሥር በነበረችው ጋሊሺያ በ1906 ከአይሁድ ቤተሰብ ተወልዶ፣ በቪየናና በበርሊን በጋዜጠኝነት ከሠራ በኋላ ወደ ፊልም ጽሑፍ የገባ፣ ሂትለር ሥልጣን በያዘበት በ1933 ወደ ፓሪስ ሸሽቶ ከዚያም ወደ ሆሊውድ የተሻገረ ሰው ነበር። ከበርሊን ጥላውን ይዞ እንደመጣ ብዙ ተጽፏል፤ ከጋዜጠኝነቱ ይዞት የመጣው ደረቅ ዓይን፣ ማለትም አድራሻን፣ ዋጋንና ሰዓትን ሳይዘነጋ ነገርን እንዳለ የመመዝገብ ልማድ ግን እምብዛም አይነሣለትም፣ ምንም እንኳ «ደብል ኢንደምኒቲ»ን ከብጤዎቹ የሚለየው ይኸው ቢሆንም።

ታሪኩ የተወሰደው ጄምስ ኤም. ኬይን በ1936 «ሊበርቲ» በተባለ መጽሔት ላይ በተከታታይ ካወጣው ልቦለድ ሲሆን፣ ኬይንም መነሻውን ያገኘው ከእውነተኛ ወንጀል ነው፤ በ1927 ሩት ስናይደር የተባለች የኒውዮርክ ሴት ከውሽማዋ ጋር ሆና ባሏን ስትገድል፣ አስቀድማ ከፍ ያለ የሕይወት መድን አስገብታለት እንደነበር ተደርሶበት፣ ሁለቱም በ1928 መጀመሪያ በሞት ተቀጥተዋል። የፊልሙ ርእስ የመድን ሙያ ቃል ነው። አንዳንድ የሕይወት መድን ውሎች ሟቹ የሞተው እምብዛም በማያጋጥም ዓይነት አደጋ ከሆነ ኩባንያው ካሳውን እጥፍ አድርጎ እንዲከፍል የሚያስገድድ አንቀጽ አላቸው፤ በፊልሙ ውስጥም ባልየው ከባቡር ወድቆ የሞተ ከመሰለ 50,000 ዶላሩ 100,000 ይሆናል። የመድን ወኪሉ ዋልተር ኔፍ የመኪና መድን ለማሳደስ ወደ ዲትሪክሰን ቤት ጎራ ባለበት ከቤቱ እመቤት ከፊሊስ ጋር ይተዋወቃል፣ ባሏ ሳያውቅ የአደጋ መድን ያስፈርሙታል፣ ገድለውም ሬሳውን ሐዲድ ላይ ይጥሉታል፤ ከዚያ በኋላ የቀረው የኔፍ የሥራ ባልደረባና ወዳጅ የሆነው የካሳ ክፍል ኃላፊው ባርተን ኪዝ ነገሩን ክር በክር ሲፈታው ማየት ነው።

ይህን ታሪክ በዚያ ዘመን ወደ ፊልም ማምጣት ቀላል አልነበረም። የአሜሪካ የፊልም ኩባንያዎች በ1930 ያጸደቁትና ከ1934 ጀምሮ በጆሴፍ ብሪን የሚመራ ጽሕፈት ቤት በጥብቅ ያስፈጸመው የምርት ደንብ፣ ግድያ ለመኮረጅ በሚያመች ዝርዝር እንዳይታይ፣ ዝሙት ማራኪ ሆኖ እንዳይቀርብ፣ ወንጀለኛም ሳይቀጣ እንዳያመልጥ ያዝዝ ነበር፤ ብሪን በ1930ዎቹ አጋማሽ የኬይንን ታሪክ ስላልተቀበለው ለዓመታት የደፈረው ኩባንያ አልተገኘም። ለፊልሙ ቁጥብነት ምስጋናው ለሳንሱሩ ነው የሚሉ አሉ። አባባሉ ግን ሚዛን አይደፋም፤ በዚያው ደንብ ሥር የተሠሩ በመቶ የሚቆጠሩ ፊልሞች ያንኑ ነገር ደብቀው በምትኩ ምንም ሳያስቀምጡ አልፈዋልና። ደንቡ መደበቅን ሊያዝዝ ይችላል፤ በተደበቀው ቦታ ምን እንደሚተካ ግን የሚወስነው ጥበበኛው ነው።

በ«ደብል ኢንደምኒቲ» መጀመሪያ የሚሰወረው ተመልካቹ ከወንጀል ፊልም የሚጠብቀው ጥያቄ ራሱ ነው። ፊልሙ ሲከፈት በሌሊት በሎስ አንጀለስ ጎዳና የሚበር መኪና ይታያል፤ ኔፍ ትከሻው ላይ በጥይት ቆስሎ ወደ መሥሪያ ቤቱ ይገባና ዲክታፎኑን፣ ማለትም የቢሮ ሠራተኞች ደብዳቤ ለማስጻፍ ድምፃቸውን በሲሊንደር ላይ የሚቀርጹበትን መሣሪያ ከፍቶ ለኪዝ ኑዛዜውን ይጀምራል። ገዳዩ እርሱ መሆኑን፣ ለገንዘብና ለሴት ብሎ መግደሉን፣ ገንዘቡም ሴቲቱም እንዳልቀሩለት በመጀመሪያዎቹ ደቂቃዎች ያስታውቃል። ከዚያ በኋላ የሚመጣው ታሪክ በሙሉ ምልሰት ነው፤ ምልሰት የሚባለው ተራኪው ከአሁኑ ጊዜ ወደ ኋላ ተመልሶ ያለፈውን እንደ አዲስ የሚያሳይበት ዘዴ ነው። ልብ ሰቀላ፣ ማለትም ተመልካቹን «ቀጥሎ ምን ይመጣ ይሆን» እያሰኘ የሚያስጨንቀው የትረካ ስልት፣ ከዚህ በኋላ ከማን ገደለ ወደ እንዴት ወደቀ ይዞራል፣ እያንዳንዱም ፈገግታ መጨረሻውን በሚያውቅ ሰው ዓይን ስለሚታይ ከባድ ይሆናል። መጨረሻውን አስቀድሞ የተናገረ ደራሲ ምስጢርን መከታ የማድረግ ዕድሉን አጥቷል፤ ከዚያ በኋላ ተመልካቹን በወንበሩ ላይ ሊያቆየው የሚችለው የሥራው ጥራት ብቻ ነው። ጠቢብ መዛኝ ይህን ድፍረት ከሁሉ አስቀድሞ ይመዘግባል።

ተራኪ ድምፅ ያለባቸው ፊልሞች የሚፈተኑበት አንድ አስተማማኝ መንገድ አለ፤ ድምፁ ምስሉ የሚያሳየውን መልሶ የሚናገር ከሆነ ደራሲው ወይ ምስሉን አላመነውም ወይ ተመልካቹን ንቋል። ዋይልደር በኋላ ዘመኑ ለወጣት ጸሐፊዎች ይመክር የነበረው ይህንኑ ነው፣ ተራኪው ለሚታየው ነገር አዲስ ነገር እንዲጨምርበት እንጂ እንዳይደግመው። ኔፍ ከግድያው በኋላ በእግሩ ወደ ቤቱ ሲመለስ ምስሉ ጸጥ ባለ ጎዳና የሚሄድ አንድ ሰው ብቻ ያሳያል፤ የሟች ሰው እርምጃ ስለሆነ የራሱ ኮቴ ለጆሮው እንዳልተሰማው የሚነግረን ድምፁ ነው። ምስሉ የመንገዱን ሰላም ይሰጣል፣ ድምፁ የሰውየውን ፍርድ ይሰጣል፣ ሁለቱ ሲጋጩ ከሁለቱም ውስጥ ያልነበረ ፍርሃት ይወለዳል። ዲክታፎኑም ለመጀመሪያው ትዕይንት ብቻ የተፈለገ ዕቃ እንዳልሆነ ለማየት ወደ ፊልሙ ማገባደጃ መሄድ ያስፈልጋል፤ ኔፍ በድብቅ ወደ ኪዝ ቢሮ ገብቶ መሣሪያውን ሲከፍት ኪዝ ለአለቃው የቀረጸውን ቃል ይሰማል፣ በዚያም ቃል ኪዝ ለኔፍ ንጹሕነት ዋስ ሆኖለታል። ኑዛዜው በዚያው ዓይነት መሣሪያ መቀረጹ ከዚህ በኋላ የወዳጅነት ዕዳ ክፍያ ይሆናል።

ስለ ብርሃኑ ሲነገር አብዛኛው ጸሐፊ ወደ ሌሊቱ ትዕይንቶች ይሮጣል፤ የካሜራ ባለሙያው ጆን ኤፍ. ሳይትዝ ይበልጥ የተራቀቀው ግን በቀን ትዕይንቶች ነው። ኔፍ ፊሊስን የሚተዋወቀው በጠራራ ከሰዓት በኋላ፣ የካሊፎርኒያ ፀሐይ በደመቀበት ሰዓት ነው። የዲትሪክሰን ሳሎን መስኮቶች ቬኔሺያን ብላይንድ በሚባለው፣ ስስ አግዳሚ ዝርግ እንጨቶች በክር ተያይዘው በሚሠሩት መጋረጃ ተሸፍነዋል፤ በዝርግ እንጨቶቹ መካከል የሚገባው ፀሐይ በግድግዳውና በኔፍ ልብስ ላይ ቁመታቸው እኩል የሆኑ የብርሃንና የጥላ መስመሮች ይጥላል። ሳይትዝ አየሩ በአቧራ የታፈነ እንዲመስል የሚያብረቀርቅ ደቃቅ የብረት ብናኝ በክፍሉ ውስጥ እንዲነሰነስ አድርጓል፤ በዚህም የተነሣ ብርሃኑ ራሱ የቆየና የታመቀ ይመስላል፣ ቤቱም የማይናፈስ፣ ትዳሩም በውስጡ የሻገተ መሆኑ ያለ አንድ ቃል ይታወቃል። መስመሮቹ የእስር ቤት ፍርግርግ ናቸው የሚለው ማብራሪያ በየመማሪያ መጽሐፉ ይደጋገማል። ትርጉሙ ስሕተት ባይሆንም መዛኙ እዚያ ላይ መቆም የለበትም፤ የጥላው ክብር መጀመሪያ እውነት መሆኑ ላይ ነው፤ በዚያ ከተማ፣ በዚያ ሰዓት፣ በዚያ ዓይነት ቤት ውስጥ መጋረጃው መኖር አለበት፣ ፀሐዩም እንዲሁ መግባት አለበት። ምንጩ የማይታወቅ፣ መብራቱ ከየት እንደመጣ ተመልካቹ ሊናገረው የማይችል ጥላ ጌጥ ነው፤ ምንጩ በቤቱ ውስጥ ያለ ጥላ ግን የታሪኩ አካል ነው። ዘውጉን በኋላ ዘመን የኮረጁ ፊልሞች ብዙዎቹ የሚወድቁት በዚህ ፈተና ነው።

በሁለተኛ ደረጃ የሚሰወረው ግድያው ነው፤ ትዕይንቱም በዝግታ ሊታይ ይገባዋል። ባልየው እግሩ ተሰብሮ በክራንች ይሄዳል፤ ፊሊስ ወደ ባቡር ጣቢያ ልታደርሰው በምትነዳው መኪና የኋላ ወንበር ሥር ኔፍ ተደብቋል። ከዋናው መንገድ ወጥታ ወደ ጨለማ መንገድ ስትታጠፍ ባልየው ለምን በዚህ እንደመጣች ይጠይቃታል፤ እርሷ መልስ ሳትሰጥ ክላክሱን ሦስት ጊዜ ትነፋለች፣ ይህም የተስማሙበት ምልክት ነው። ካሜራው በዚህ ጊዜ ወደ ፊቷ ይጠጋና እዚያው ይቀራል። ከጎኗ የሚሆነው ሁሉ በታፈነ ድምፅና በሚናወጠው የመኪናው ወንበር ብቻ ይታወቃል፤ ባርባራ ስታንዊክ ዓይኗን ከመንገዱ አትነቅልም፣ አታለቅስም፣ አትደነግጥም፣ ሆኖም በፊቷ ላይ አንድ ነገር ቀስ ብሎ ይላላል፣ ለረጅም ጊዜ የተጠበቀ ነገር ሲደርስ የሚታይ ዓይነት እርካታ። በዚያ ሰዓት የታየው አንገት መታነቁ ቢሆን ኖሮ ተመልካቹ ስለ ሟቹ አዝኖ ያልፍ ነበር። ፊቷን ብቻ ስላየ ግን ማን እንደሆነች ያውቃል፣ ኔፍ ደግሞ ከኋላ ሆኖ ፊቷን ስለማያይ አያውቅም። ከዚህ ሰኮንድ ጀምሮ ተመልካቹ ከተራኪው የበለጠ ያውቃል፤ በኑዛዜ መልክ በተሠራ ፊልም ውስጥ እንዲህ ያለ ብልጫ መፍጠር ከባድ ሲሆን፣ ዋይልደር ያገኘው ካሜራውን ባለማንቀሳቀስ ብቻ ነው።

ቀጥሎ የሚመጣው የመኪና ሞተር ትዕይንት በፊልም ትምህርት ቤቶች ሁሉ መጠናት የሚገባው ነው። ሬሳውን ሐዲዱ ላይ ጥለው ወደ መኪናው ሲመለሱ ሞተሩ አልነሣም ይላል፤ ፊሊስ አንዴ፣ ሁለቴ፣ ደግማ ትሞክራለች፣ ሁለቱ ይተያያሉ፣ ኔፍ እጁን ቀስ አድርጎ ዘርግቶ ቁልፉን ያዞራል፣ በመጨረሻ ይነሣል። ዋይልደር የራሱ መኪና አልነሣ ባለው ጊዜ ሐሳቡ እንደመጣለት፣ በቀረጻውም ላይ ተዋናዩ ቁልፉን ከሚችለው በላይ በዝግታ እንዲያዞር እንዳስገደደው ተናግሯል። በዚህ ትዕይንት ተመልካቹ ሳይታወቀው መኪናው እንዲነሣ ይመኛል፣ ማለት ነፍሰ ገዳዮቹ እንዲያመልጡ ይመኛል። ጥሩ ፊልም ኖይር ሰውን የሚይዘው እንዲህ ነው፤ ስለ ኃጢአት አይሰብክም፣ የኃጢአቱን ጭንቀት አብሮ ያሸክመዋል።

የምልልሱ ጥራት የተገኘው ከብዙ ጠብ በኋላ ነው። ዋይልደር የፊልሙን ጽሑፍ አብሮት እንዲጽፍ ያመጣው የ«ታላቁ እንቅልፍ»ን ደራሲ ሬይመንድ ቻንድለርን ሲሆን፣ ቻንድለር ከዚያ በፊት የፊልም ጽሑፍ ጽፎ አያውቅም ነበር፣ ሁለቱም ሰዎች አንዱ ሌላውን እየጠላ ነው ሥራውን የጨረሱት። የኬይን ምልልስ በወረቀት ላይ ሲነበብ ሕይወት ቢኖረውም በተዋናይ አፍ ሲነገር ግን እንደሚሞት የታወቀው ጮክ ተብሎ ሲነበብ ነው፤ ቻንድለር ኬይን የጻፈው ለዓይን እንጂ ለጆሮ አለመሆኑን አስረድቶ ምልልሱ እንደ አዲስ ተጻፈ። ኔፍና ፊሊስ በመጀመሪያ ግንኙነታቸው ስለ ፍጥነት ወሰን፣ ስለ ትራፊክ ፖሊስና ስለ ቅጣት ወረቀት እየተመላለሱ የሚነጋገሩትን የሰማ ሰው አንድም ብልግና ቃል ሳይወጣ ምን እየተነጋገሩ እንደሆነ በሙሉ ይገባዋል። ሰምና ወርቅን ለለመደ ጆሮ ይህ ዓይነቱ አነጋገር እንግዳ አይሆንም፤ ሰሙ የመንገድ ሕግ ነው፣ ወርቁ ምኞት። መመዘኛው ሰሙ ብቻውን የቆመ ትርጉም አለው ወይ የሚለው ሲሆን፣ እዚህ ሙሉ በሙሉ አለው፤ ሁለት ሰዎች በእርግጥ ስለ መኪና ፍጥነት የሚነጋገሩ ይመስላሉ።

የኪዝ ገጸ ባሕርይ ባይኖር ፊልሙ በደንብ የተሠራ የዝሙትና የግድያ ታሪክ ሆኖ ይቀር ነበር። ኤድዋርድ ጂ. ሮቢንሰን የሚጫወተው ይህ ሰው ሐሰተኛ የካሳ ጥያቄ ሲቀርብለት ሆዱ ውስጥ የሚኖር «ትንሽ ሰው» እየነገረው ምሳው እንደማይፈጭለት ያምናል፤ የኩባንያው አለቃ ሟቹ ራሱን ገድሏል ብሎ ሊከራከር ሲሞክር፣ ኪዝ ሰዎች ራሳቸውን የገደሉባቸውን መንገዶች ሁሉ በመርዝ፣ በመሣሪያ፣ ከከፍታ በመውደቅ እያለ በየዘርፉና በየንዑስ ዘርፉ አንድ ትንፋሽ ሳይወስድ ይዘረዝርለትና፣ በሰዓት 15 ማይል ከሚሄድ ባቡር ጀርባ ዘሎ ራሱን የገደለ ሰው እንደሌለ ያረጋግጥለታል። ንግግሩ ሲታይ የስታቲስቲክስ ሠንጠረዥ ነው፣ ሲሰማ ግን ሥራውን የሚወድ ሰው መዝሙር ነው፤ የመድን ሙያን ዝርዝር እንዲህ ወደ ስሜት መለወጥ የዋይልደር የጋዜጠኝነት ዓይን ፍሬ ነው።

ከዚህም ጋር ክብሪቱን ማስተዋል ያስፈልጋል። ኪዝ ሲጋር ያዘወትራል፣ ክብሪት ግን መቼም አይዝም፤ በየጊዜው ኪሱን ሲዳስስ ኔፍ ክብሪቱን በአውራ ጣቱ ጥፍር ጭሮ ያቀጣጥልለታል። ድርጊቱ ብዙ ጊዜ ይደጋገማል፣ ማንም ስለ እርሱ ምንም አይናገርም። በመጨረሻው ትዕይንት ኔፍ ደሙ ፈሶ በር ላይ ሲወድቅና ሲጋራውን ማቀጣጠል ሲያቅተው፣ ኪዝ ክብሪቱን ወስዶ በራሱ ጥፍር ይጭርለታል። ንግር፣ ማለትም ወደፊት ለሚመጣ ነገር አስቀድሞ የሚጣል ፍንጭ፣ ከዚህ በላይ በጥቂት ዕቃ የተሠራበት ፊልም ማግኘት ያስቸግራል። ብዙ ሐያስያን የፊልሙ እውነተኛ የፍቅር ታሪክ በእነዚህ ሁለት ወንዶች መካከል ያለው ወዳጅነት ነው ብለው ጽፈዋል፣ አስተያየቱም ትክክል ነው፤ ኔፍ ከፊሊስ ጋር ያለው ነገር የጥድፊያ ሲሆን፣ ከኪዝ ጋር ያለው ግን በዓመታት የተገነባና የከዳው ነው፤ ኑዛዜውንም የሚነግረው ለፖሊስም ለካህንም ሳይሆን ለእርሱ ነው።

የተዋናዮቹ ምርጫ ራሱ አንድ ትምህርት ነው። ጆርጅ ራፍትን ጨምሮ የዘመኑ ተዋናዮች የነፍሰ ገዳይ ሚና አንቀበልም ስላሉ፣ ዋይልደር ፊቱን ያዞረው በቀላል ኮሜዲ ወደሚታወቀው ፍሬድ ማክመሪ ነው። ይህ መልከ መልካም፣ ቀልደኛ፣ ጎረቤት የሚመስል ሰው ቀስ በቀስ ሲበሰብስ ማየት በተፈጥሮው አስፈሪ የሆነን ተዋናይ ከማየት ይልቅ ይረብሻል። ስታንዊክ ደግሞ ከኔፍ ጋር ስትተዋወቅ ከደረጃው የምትወርደው እግሯ ላይ አልቦ አድርጋ ሲሆን፣ ካሜራው አልቦውን ተከትሎ አብሯት ይወርዳል። የለበሰችው ቢጫ ዊግ ርካሽና የማያምር ነው ተብሎ ከመጀመሪያው ጀምሮ ሲተች ኖሯል፤ ይህ ነቀፌታ ግን ገጸ ባሕርይቱን ካለማየት የመጣ ይመስላል፣ ምክንያቱም ፊሊስ ከጸጉሯ ጀምሮ ሐሰተኛ የሆነች ሴት ናት።

ፊልሙ እንከን የለውም ማለት ግን አይቻልም። ኔፍ ያላገባ ሰው ሆኖ ሳለ በጣቱ ላይ የማክመሪ የራሱ የጋብቻ ቀለበት በግልጽ ይታያል። የፊሊስ የእንጀራ ልጅ የሆነችው የሎላና የፍቅረኛዋ የዛኬቲ ታሪክ ሴራውን ለመቋጨት ሲባል የተጨመረ እንጂ በራሱ የቆመ አይደለም፣ ሁለቱ ወጣቶች በታዩ ቁጥር ትርዒቱ ይቀዘቅዛል። ሌላም አለ፤ ፊሊስ በኔፍ መኖሪያ በር ጀርባ ተደብቃ ኪዝ በኮሪደሩ ላይ ቆሞ የሚነጋገርበት ዕውቅ ትዕይንት የሚቻለው በሩ ወደ ውጭ ስለሚከፈት ነው፣ የአሜሪካ አፓርታማ በር ግን ወደ ውስጥ ነው የሚከፈተው። ቀለበቱ የግድየለሽነት ውጤት ስለሆነ እንከን ነው። በሩ ግን አንድ በር ሦስት ሰዎችን፣ ሁለት ምስጢሮችንና አንድ ወዳጅነትን እንዲለይ ተብሎ የተደረገ ምርጫ ነው፣ ትዕይንቱን እያየ ማንም ስለ ማጠፊያው አያስብም። መዛኝ ስሕተትን ከውሸት መለየት መቻል አለበት፤ የመጀመሪያው ሠሪው ያላየው ነው፣ ሁለተኛው አይቶ የወሰነው።

ሦስተኛውና ትልቁ ስወራ የመጨረሻው ነው። በኬይን ልቦለድ ሁለቱ ወንጀለኞች በመርከብ ላይ ሆነው ራሳቸውን ለማጥፋት ይዘጋጃሉ፤ ዋይልደር ይህን ትቶ ኔፍ በጋዝ ክፍል ውስጥ በሞት ሲቀጣ፣ ኪዝም ከመስተዋቱ ውጭ ቆሞ ሲመለከት የሚያሳይ መጨረሻ አሠራ። ክፍሉ በዝርዝር ተገንብቶ፣ ብዙ ገንዘብ ወጥቶበት፣ ትዕይንቱም ተቀርጾ ነበር። ከዚያ በኋላ ዋይልደር በበሩ ላይ ያለውን የክብሪት ትዕይንት ሲያየው ታሪኩ እዚያው ማለቁን ተረድቶ የጋዝ ክፍሉን በሙሉ አወጣው። ማንኛውም የፊልም ባለሙያ ብዙ ደክሞ ያገኘውን፣ ያውም በጥሩ ሁኔታ የተሠራውን ትዕይንት መቁረጥ ምን እንደሆነ ያውቃል። ብሪን የፈለገው ቅጣት በኪዝ ፊት ላይ ስለተፈጸመ የመንግሥቱን ቅጣት ማሳየት አላስፈለገም፣ ኪዝ ጣቱን ከክብሪቱ ላይ ሳያነሣ ፊልሙ ይጨልማል።

«ደብል ኢንደምኒቲ» ለሰባት የኦስካር ሽልማት ታጭቶ አንዱንም አላገኘም፤ የዓመቱ ምርጥ ፊልም የተባለው የካህናት ኮሜዲ የሆነው «ጎይንግ ማይ ዌይ» ነበር። በ1992 የአሜሪካ ኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት ለዘለቄታው ሊጠበቁ ከሚገባቸው ፊልሞች መዝገብ ውስጥ አስገብቶታል። ዘውጉን ለመመዘን የሚፈልግ አንባቢ መጀመሪያ ፊልሙን ከነድምፁ፣ ቀጥሎም ድምፁን አጥፍቶ ሳይትዝ መስኮቶቹን የት እንዳደረገና የኪዝ እጅ ስንት ጊዜ ባዶ ኪስ እንደሚዳስስ እየተከተለ ይመልከተው፤ ከዚያ በኋላ በጨለማው የሚመካ ማንኛውም ፊልም ሲቀርብለት ጨለማው ምን እንደሸፈነ ይጠይቀው።